«ሞላላ» ብሎ ማዘዝ፣ ሞላላ ማውጣት፦ ከቃሉ እስከ ችካሉ

እዚህ ባሕር ዳር ሞላላ ጠረጴዛ አዝዤ የመጣልኝ ሌላ ነገር ነው። ሁለቱ ጎኖቹ ቀጥ ያሉ፣ ጫፍና ጫፉ ብቻ ግማሽ ክብ። አናጢው አላጭበረበረኝም። «ሞላላ አልከኝ፣ ሞላላ ሠራሁ» አለኝ። እሱ ሞላላ የሚለው እሱን ነው። እኔም ከቃሉ ሌላ ምንም አልነገርኩትም። ጥፋቱ የሁለታችንም ነው።

ከዚያ ወዲህ ተመሳሳይ ስህተት ደጋግሜ አይቻለሁ። የጎረቤቴ የአበባ መደብ እንቁላል መሰለ። ተማሪዎች ረዘም ያለ ክብ ነገር ሁሉ ሞላላ ነው ብለው ይጽፋሉ። ስለዚህ መመሪያው ከቃሉ ይጀምራል። ገመድና ችካሉ ከዚያ ይከተላል። ቃሉን ዘላችሁ ወደ ገመዱ አትሂዱ። የሚበላሸው እዚያ ነው።

ደረጃ 1፦ ቃሉን ለዩ

ሞላላ ቅጽል ነው። ክብ ሆኖ በአንድ በኩል የረዘመ ቅርጽን ይገልጻል። በተራ ወሬ «ሞላላ ፊት አላት» ስንል ማንም ሜትር አያወጣም፣ ማውጣትም የለበትም። በልኬት ሥራ ግን ቃሉ አራት ነገር ይጠይቃል።

1. ርዝመቱና ወርዱ ይለያያሉ። እኩል ከሆኑ ክብ ነው።
2. በርዝመቱ ቢታጠፍም፣ በወርዱ ቢታጠፍም ግማሾቹ ልክ ይገጥማሉ።
3. ጠርዙ ላይ ቀጥ ያለ ቦታ የለም። ማስመሪያ ብታስደግፉበት በአንድ ነጥብ ብቻ ይነካል።
4. ማዕዘን የለውም፣ ሹል ጫፍም የለውም።

አራቱም ካልተሟሉ ሌላ ስም ፈልጉለት። በወረቀት ቆርጣችሁ እያጠፋችሁ ሞክሩት፣ አምስት ደቂቃ አይፈጅም።

ከሞላላ ጋር የሚምታቱት

እንቁላል። በርዝመቱ ሲታጠፍ ይገጥማል። በወርዱ ሲታጠፍ ግን አንዱ ጫፍ ደንደን፣ ሌላው ቀጠን ብሎ ይቀራል። እሱን «እንቁላል ቅርጽ» በሉት።

የሩጫ መም። ዋናው አሳሳች ይኼ ነው፣ ምክንያቱም የማጠፉን ፈተና በሁለቱም በኩል ያልፋል። የእኔም ጠረጴዛ እንደዚህ ነበር። ደረጃውን የጠበቀ የ400 ሜትር መም እያንዳንዳቸው 84.39 ሜትር የሆኑ ሁለት ቀጥታ መስመሮች አሉት። ጫፎቹ ደግሞ ሬዲየሳቸው 36.5 ሜትር የሆነ ግማሽ ክቦች ናቸው። ማስመሪያ ስታስደግፉበት ጎኑ ላይ ይተኛል። እዚያ ላይ ይያዛል። ሲገለጽ «ጎኑ ቀጥ፣ ጫፉ ግማሽ ክብ» ተብሎ ነው።

ጥጉ የተድቦለቦለ አራት ማዕዘን። ይኼም በማስመሪያ ይለያል።

ጫፉ የሾለ። ከደንገል የሚሠራውን የጣና ታንኳ አስቡት። ረጅም ነው፣ ሆዱ ሰፊ ነው፣ ፊቱ ግን ሹል ነው። ሞላላ አይደለም።

ጣናስ ራሱ? ርዝመቱ ወደ 84 ኪሎ ሜትር፣ ወርዱ ወደ 66 ኪሎ ሜትር ስለሆነ «ሞላላ ሐይቅ» የሚል ሰው አይጠፋም። የመጀመሪያውን መስፈርት ያልፋል። ሁለተኛው ላይ ይወድቃል። ወደ ባሕር ዳር ሲመጣ ይጠባል፣ የዘጌ ልሳነ ምድርም ወደ ውኃው ገብቷል። ካርታውን በወርዱ ብታጥፉት ሰሜኑና ደቡቡ አይገጥሙም። የመልክዓ ምድር መልስ የምትጽፉ ተማሪዎች «ወደ ደቡብ የሚጠብ» ብትሉ ይሻላችኋል።

ማስጠንቀቂያ፦ ፎቶ አይመስክር

ክብ ነገር ከጎን ሲታይ ሞላላ ይመስላል። መሶብን ከላይ ሆናችሁ እዩት፣ ክብ ነው። ቁጭ ብላችሁ ከወደ ጎን እዩት፣ አፉ ሞላላ ይሆናል። ዘጌ ያለው የኡራ ኪዳነ ምሕረት ቤተ ክርስቲያን ክብ ነው። ከጎን በተነሳ ፎቶ ላይ ግን የጣሪያው ጠርዝ የረዘመ ይመስላል። ፎቶ አይቶ «ሞላላ ቤተ ክርስቲያን» ብሎ የሚጽፍ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ነው። ለባለሙያ ፎቶ ብቻ ልካችሁ «እንደዚህ ሥራልኝ» ካላችሁም ያው ነው። ወይ ከላይ ሆናችሁ አንሱት፣ ወይ ርዝመቱንና ወርዱን ለኩ።

ቅጠል ለምትገልጹ

የእርሻና የባዮሎጂ ተማሪዎች፣ መለያው የቅጠሉ ሰፊ ቦታ የት ነው የሚለው ነው። መሃሉ ላይ ከሆነ ሞላላ ነው። ወደ አገዳው ካደላ እንቁላል ቅርጽ ነው። ወደ ጫፉ ካደላ የተገለበጠ እንቁላል ነው። የዘጌን የቡና ቅጠል አንሱና በወርዱ እጠፉት። ሰፊው ቦታ መሃል ላይ ነው፣ ጫፉ ግን ይሾላል። ስለዚህ «ሞላላ፣ ጫፉ ሹል» ብላችሁ ሁለቱንም ጻፉ። እዚህ ጋ ሹልነቱን ለብቻው ስለምትገልጹት አራተኛው መስፈርት ይላላል። ለቅጠል ብቻ ነው እንጂ ለጠረጴዛ አይሠራም።

ደረጃ 2፦ ስታዝዙ እንዴት ትላላችሁ

1. ቅጽሉን ከስሙ በፊት አድርጉ፦ ሞላላ ጠረጴዛ፣ ሞላላው ጠረጴዛ፣ ሞላላውን ጠረጴዛ። ሲበዛ ስሙን አብዙት፦ ሞላላ ጠረጴዛዎች። ስለ መጠኑ ስታወሩ «ሞላላነት» በሉ፦ «ሞላላነቱ በዛ፣ ወርዱን ትንሽ ጨምርበት»።

2. «ሞላላ ክብ» አትበሉ። አንዱ «ሞላላ» የሚለውን ይይዛል፣ ሌላው «ክብ» የሚለውን። «ኦቫል» ማለትም አያድንም። በየዕቃ ቤቱ ኦቫል የሚባለው እንቁላሉም መሙም ነው።

3. «ትንሽ ሞላላ»፣ «በጣም ሞላላ» አትበሉ። ሁልጊዜ ሁለት ቁጥር ስጡ፣ ርዝመትና መሃል ወርድ። ርዝመቱ 200 ሳንቲም ሆኖ ወርዱ 180 ከሆነ ለዓይን ክብ ሊመስል ምንም አይቀረው። 120 ሲሆን ሞላላነቱ በደንብ ይታያል። 80 ሲሆን ቀጭን ነው፣ ምግብ ለማቅረብ ይጠባል።

4. ሦስተኛ ቁጥር ጨምሩ። የእኔን ገንዘብ ሊያድን ይችል የነበረው ይኼ ቁጥር ነው። ከመሃል ተነስታችሁ ወደ ጫፍ ከሚወስደው መንገድ ግማሹ ላይ ቁሙ። እዚያ ላይ የሞላላ ወርድ የመሃል ወርዱ ሲባዛ በ0.866 ነው። ለ200 በ120 ጠረጴዛ፣ ከመሃል 50 ሳንቲም ላይ ወርዱ 104 ሳንቲም ይሆናል ማለት ነው። ጎኑ ቀጥ የሆነው የመም ቅርጽ ግን እዚያው ቦታ ላይ 118 ሳንቲም ይሰፋል። የ14 ሳንቲም ልዩነት ነው፣ በሜትር ሲለካ ይጋለጣል።

ስለዚህ እንዲህ በሉት፦ «ሞላላ ጠረጴዛ ነው። ርዝመቱ 200፣ መሃል ወርዱ 120። ጎኑ ላይ ቀጥ ያለ ቦታ አይኑረው። ከመሃል በግራም በቀኝም 50 ሳንቲም ላይ ወርዱ 104 ይሁን።» ወረቀት ላይ ጻፉት። ከዚያ ባለሙያው ራሱ መልሶ እንዲነግራችሁ ጠይቁት። «ገባኝ» ካለ በኋላ ካርቶን ላይ እንዲስል አድርጉ። ቅር አይበላችሁ፣ እንጨት ከተቆረጠ በኋላ ከሚመጣው ጭቅጭቅ ይኼ ይሻላል።

ደረጃ 3፦ ለመሬት ሥራ ዝግጅት

የአበባ መደብ እንሥራ። ርዝመቱ 5 ሜትር፣ ወርዱ 3 ሜትር። ይኼን ልክ የመረጥኩት ቁጥሩ ስለሚያምር ነው፣ ገመዱ የሚዞርባቸው ሁለቱ የውስጥ ችካሎች ከመሃል ልክ 2 ሜትር ላይ ይወድቃሉ። የምትፈልጉት ይኼ ነው፦

የማይለጠጥ ሲባጎ፣ 12 ሜትር ያህል። የሚለጠጥ ናይለን አይሆንም፣ በሳባችሁት ቁጥር ልኩ ይቀየራል። ባለ 8 ወይም ባለ 10 ሚሊ ሜትር ፌሮ ቁራጮች፣ ስምንት ይበቃሉ። ወፍራም የእንጨት ችካል ልክ ያዛባል። መዶሻ። የ5 ሜትር ሜትር። አንድ ረዳት። አፉ የጠበበ የሃይላንድ ጠርሙስና አመድ ወይም ደቃቅ አሸዋ። ኖራ መጠቀምም ይቻላል፣ ግን ዓይን ስለሚያቃጥል ልጆች በሌሉበት ይሁን።

ሰዓቱን ምረጡ። ጠዋት ሥሩ። ከሰዓት ከሐይቁ የሚመጣው ነፋስ አመዱን ከመስመሩ ያነሳዋል፣ ገመዱንም ያወዛውዘዋል።

አፈሩንም እዩ። ግቢያችሁ ዋልካ ከሆነ በበጋ ይሰነጠቃል፣ ችካል ስንጥቅ ውስጥ ከገባ ይወላከፋል። በክረምት ደግሞ ይላቆጣል። ችካሉን ቢያንስ 30 ሳንቲም አስገቡና በእጃችሁ ነቅንቁት። ከተነቃነቀ አውጡትና ጠለቅ አድርጉ። የመሬቱን ጉብታ ቀድማችሁ አስተካክሉ፣ ገመድ ጉብታ ላይ ሲወጣ ያጥራል።

ደረጃ 4፦ ቅርጹን ማውጣት

1. የመሃሉን ነጥብ ምረጡና ችካል ትከሉ።

2. በመሃሉ በኩል ቀጥ ያለ ገመድ ወጥሩ። ከመሃል በግራ 2.5 ሜትር፣ በቀኝ 2.5 ሜትር ለክታችሁ አንድ አንድ ችካል ትከሉ። እነዚህ የርዝመቱ ጫፎች ናቸው።

3. አሁን የወርዱ መስመር። 3.5 ሜትር የሆነ ገመድ ከአንዱ ጫፍ ችካል ላይ አስራችሁ በላይም በታችም መሬቱ ላይ ቅስት ጫሩ። ከሌላኛው ጫፍም በዚያው ገመድ ድገሙ። ቅስቶቹ በሁለት ቦታ ይቋረጣሉ። ሁለቱን መቋረጫዎች በገመድ አገናኙ። ገመዱ በመሃል ችካሉ ላይ ማለፍ አለበት። ካላለፈ ወይ ገመዱ ላልቷል ወይ መሃሉ መሃል አይደለም። እዚሁ አስተካክሉ፣ ወደ 4 አትለፉ።

4. በዚህ መስመር ላይ ከመሃል በላይ 1.5 ሜትር፣ በታች 1.5 ሜትር ለክታችሁ ችካል ትከሉ። እነዚህ የወርዱ ጫፎች ናቸው።

5. ሁለቱን የውስጥ ችካሎች ፈልጉ። ሒሳብ አያስፈልግም። የርዝመቱን ግማሽ፣ ማለትም 2.5 ሜትር ገመድ፣ ከወርዱ አንድ ጫፍ ላይ እሰሩ። ገመዱን ወጥራችሁ በረጅሙ መስመር ላይ የሚያርፍበትን ቦታ በግራም በቀኝም ምልክት አድርጉ። ለእኛ ልክ ከመሃል 2 ሜትር ላይ ይወድቃል። እዚያ ሁለት ጠንካራ ችካል ትከሉ። ሌላ ልክ ለምትሠሩም ዘዴው አንድ ነው፣ የርዝመቱ ግማሽ፣ ከወርዱ ጫፍ።

6. ገመዱን አስሩ። ሲባጎውን በሁለቱ የውስጥ ችካሎችና በአንዱ የርዝመት ጫፍ ችካል ዙሪያ አዙራችሁ ወጥራችሁ ቋጩት። አሁን የተዘጋ ቀለበት ሆኗል። ዙሪያው 9 ሜትር መሆን አለበት፣ 5 ሜትር የመደቡ ርዝመት ሲደመር 4 ሜትር በችካሎቹ መካከል ያለው ርቀት። ቋጠሮው ገመድ ስለሚበላ ከቋጠራችሁ በኋላ ለኩ እንጂ በፊት አትለኩ።

7. ከመሳላችሁ በፊት አራቱንም ጫፎች ፈትሹ። አንድ ፌሮ በቀለበቱ ውስጥ አስገብታችሁ ወጥሩና ወደ አራቱ ጫፎች ውሰዱት። አራቱንም መንካት አለበት።

8. ልክ ከሆነ የጫፍ ችካሎቹንና የመሃሉን ንቀሉ፣ ቦታቸውን ግን በትንሽ ድንጋይ ምልክት አድርጉ። ካልነቀላችኋቸው ገመዱ ይያዝባቸዋል። ሁለቱ የውስጥ ችካሎች ብቻ ይቀራሉ።

9. ፌሮውን ቀጥ አድርጋችሁ፣ ገመዱን እንደተወጠረ ይዛችሁ ዙሩ። ወደ ውጭ አታጋድሉት። ረዳቱ ገመዱ ከችካል ወደ ላይ እንዳይሾልክ ይጠብቅ። ገመዱ በመሬት ደረጃ ይሁን። መሬቱን እየጫራችሁ አንድ ዙር ሂዱ፣ ከዚያ ጭረቱን በአመድ ተከተሉት።

መስመሩ የተነሳችሁበት ላይ መግጠም አለበት። ከገጠመ ጨርሳችኋል።

ደረጃ 5፦ ሲበላሽ

በርዝመቱ አንድ ጫፍ ያልፋል፣ በሌላው ይጎድላል። የውስጥ ችካሎቹ ከመሃል እኩል አይደሉም። ሁለቱንም እንደገና ከመሃል ለኩ።

በርዝመቱ ሁለቱም ጫፎች እኩል ያልፋል። ገመዱ ላልቷል ወይ ተለጥጧል። ቋጠሮውን ፈታችሁ አጥብቁ።

ርዝመቱ ልክ ነው፣ ወርዱ ግን ሰፋ። የውስጥ ችካሎቹ እርስ በርስ ተቀራርበዋል። ወርዱ ከጠበበ ደግሞ ተራርቀዋል። ደረጃ 4 ላይ ወደ ቁጥር 5 ተመለሱ። ችካል ባንቀሳቀሳችሁ ቁጥር ገመዱንም እንደ አዲስ ማሰር አለባችሁ። ይኼን ብዙ ሰው ይረሳና ያስተካከለውን መልሶ ያበላሻል።

በወርዱ አንድ ጎን ልክ፣ በሌላው ጎን አልገጠመም። የወርዱ መስመር መሃሉን አላለፈም፣ ወይም አንዱ ጎን ላይ መሬቱ ከፍ ይላል።

ከዞራችሁ በኋላ መስመሩ አልተገጣጠመም። አንዱ ችካል ተነቃንቋል ማለት ነው። መስመሩን በእጅ ለማገናኘት አትሞክሩ፣ ጎባጣ ቦታ ይቀራል። ጭረቱን በእግር አጥፉና ችካሉን አጥልቃችሁ ከቁጥር 5 ጀምሩ።

መጨረሻ ላይ ያንኑ ሦስተኛ ቁጥር ለኩ። ከመሃል 1.25 ሜትር ላይ ወርዱ 2.60 ሜትር ገደማ መሆን አለበት።

ድንጋይ ወይም ጡብ ከመግዛታችሁ በፊት ዙሪያውን አስሉ። ብዙ ሰው 5 ሲደመር 3፣ ሲባዛ በ2 ብሎ ለ16 ሜትር ይገዛል። ያ የአራት ማዕዘን ነው። የዚህ ሞላላ ዙሪያ 12.76 ሜትር ያህል ነው። ገመድ በመስመሩ ላይ አስተኝታችሁ ብትለኩትም ይመጣል። ለአፈርና ለፍግ ስፋቱ ሲያስፈልጋችሁ የርዝመቱ ግማሽ ሲባዛ በወርዱ ግማሽ ሲባዛ በ3.14 ነው፦ 2.5 በ1.5 በ3.14፣ ወደ 11.8 ካሬ ሜትር።

ደረጃ 6፦ እንጨት ላይ፣ ያለ ምስማር

ጠረጴዛ ላይ ችካል አይተከልም። ምስማር ብትመቱ ቀዳዳው ፊቱ ላይ ይቀራል። ስለዚህ በቀጭን የእንጨት ዘንግ ሥሩ። ለ200 በ120 እንዲህ ነው።

1. ኮምፔንሳቶው ላይ፣ ከተቻለ በጀርባው በኩል፣ ረጅሙንና አጭሩን መስመር በእስኳድራ (በማዕዘን ማስመሪያ) አስምሩ። መሃል ላይ መስቀል ይሠራሉ።
2. ዘንጉ ጫፍ ላይ እርሳስ እሰሩ። ከእርሳሱ 60 ሳንቲም ላይ አንድ ምልክት አድርጉ፣ የወርዱ ግማሽ ነው። ከእርሳሱ 100 ሳንቲም ላይ ሁለተኛ ምልክት አድርጉ፣ የርዝመቱ ግማሽ ነው።
3. የ60ው ምልክት ሁልጊዜ በረጅሙ መስመር ላይ ይሁን። የ100ው ምልክት ሁልጊዜ በአጭሩ መስመር ላይ ይሁን። ሁለቱም መስመራቸውን ሳይለቁ ዘንጉን በትንሽ በትንሹ አንቀሳቅሱና በየቦታው በእርሳሱ ነጥብ አድርጉ።
4. በየሩቡ 12 ወይም 15 ነጥብ ካገኛችሁ ይበቃል። ቀጭን የሚተጣጠፍ የፕላስቲክ ማስመሪያ ነጥቦቹ ላይ አጉብጣችሁ አገናኙ።

ቅርጹ በቁሙ ረዝሞ ወይም መስመሩን አልፎ ከሄደ ምልክቶቹን አቀያይራችኋል። 60 በረጅሙ፣ 100 በአጭሩ። ዘንጉ ላይ በእስኪርቢቶ ጻፉት።

ከመቁረጣችሁ በፊት አንዱን ሩብ በወረቀት ገልብጣችሁ ቁረጡና በሌሎቹ ሦስት ሩቦች ላይ እያገላበጣችሁ አስተኙት። የማይገጥም ሩብ ካለ ነጥቦቹን ድገሙ። 104ቱንም ለኩ። ከዚያ ከመስመሩ ሁለት ሚሊ ሜትር ወደ ውጭ ቁረጡና የቀረውን በብርጭቆ ወረቀት እስከ መስመሩ አድርሱት። መስመሩን ከነካ መጋዝ መመለሻ የለም።

የወረቀቱን ሩብ አትጣሉት። የጠረጴዛ ልብስ ለሚሰፋው ወይ መስታወት ለሚቆርጠው ሰው የምትሰጡት እሱን ነው። ጠቅልላችሁ አስቀምጡት እንጂ አትጠፉት፣ በታጠፈበት በኩል ልኩ ይዛነፋል።